ከባባ ማጉባኔ ግድግዳ የተላጠው ገጽ

ክቡራትና ክቡራን፣ የ«ሸንተረሩ ድምፅ» ጋዜጣ ባልደረቦቼ፤

ሻዩን ላፈላችሁ፣ የሳፍሮን ዳቦውን ከፎርድስበርግ ድረስ በቅርጫት ተሸክማችሁ ላመጣችሁ፣ ይህን አዳራሽም በወረቀት አበባ ላስጌጣችሁ ሁሉ ምስጋናዬ ከልብ ነው። ለግድግዳ ሰዓቱም አመሰግናለሁ። ሃያ አራት ዓመት ሙሉ «ሎዌና፣ ዓምድሽ ዘገየ» እያላችሁ ስትነዘንዙኝ ኖራችሁ፣ ልሄድ ስል ሰዓት ገዛችሁልኝ። ትንሽ ቀደም ብትሉ ምን ነበረበት?

ሚስተር ፌልታም፣ እርስዎንም አመሰግናለሁ። የጋዜጣው ባለቤትና ዋና አዘጋጅ ሆነው፣ በሚቀጥለው ሳምንት ደግሞ ለከተማው ምክር ቤት የሚወዳደሩ ሰው ሆነው፣ ለአንዲት የሐሜት ጸሐፊ ሽኝት ጊዜ ማግኘትዎ ቀላል ነገር አይደለም። ከፊት መቀመጥዎም ደስ ብሎኛል። ወንበሩን የመረጥኩልዎ ራሴ ነኝ።

ስገባ አንዳንዶቻችሁ «ሎዌና ዛሬ የማንን ጉድ ታወጣ ይሆን?» እያላችሁ ስትንሾካሾኩ ሰምቻለሁ። አይዟችሁ፣ የማንንም ሚስት አልነካም። በገበያው አደባባይ ጭፈራ ላይ ማን ከማን ጋር እንደጠፋም አላነሣም። ዛሬ የማወራው ስለ ጋዜጣችን ነው። ወሬው ግን ሐሜት አይጎድለውም።

እንደምታውቁት የሃያ አምስተኛ ዓመታችንን ልዩ እትም እንድጽፍ የታዘዝኩት እኔ ነኝ። ከአምስት ወር በፊት ሚስተር ፌልታም ቢሯቸው አስጠሩኝና፣ «ሎዌና፣ የመጀመሪያውን ዘመን ካንቺ በቀር የሚያስታውስ የለም። እስቲ ታሪካችንን ሞቅ አድርገሽ ጻፊው። ሰው እየሳቀ ያንብበው» አሉኝ።

«እሺ ጌታዬ» አልኳቸው። እሺ ማለት በዚህ ቤት የለመደብኝ ነገር ነው።

መቼም የሚያስቀው ሞልቷል። ማተሚያ መኪናችን ከደርባን ወደብ የመጣው በበሬ ጋሪ ነው። እኔና ወንድሜ ጄንኪንም ከባሕር ማዶ፣ ከአገራችን ከኮርንዎል መጥተን ከመርከብ እንደወረድን ከዚያው ጋሪ ጋር ነው የተጓዝነው። ወንዝ ስንሻገር ጋሪው ተገለበጠ፤ የፊደሉ ሣጥኖች ውሃ ገቡ። ሁለት ቀን ሙሉ ጉልበታችን ድረስ ውሃ ውስጥ ቆመን አሸዋውን በወንፊት እያጠለልን ፊደል ስንለቅም፣ ወርቅ ፈላጊዎች ከማዶ ሆነው፣ «እናንተ ሰዎች፣ ምን አገኛችሁ?» ብለው ጮኹብን።

ጄንኪን ቀና ብሎ፣ «እስካሁን ሁለት ነጠላ ሰረዝና አንድ የጥያቄ ምልክት» አላቸው።

ከተማዋ ያኔ ድንኳንና ቆርቆሮ ነበረች። እኛም የአንድ ሥጋ ሻጭ የቆርቆሮ ቤት ግማሹን ተከራይተን ጋዜጣ ማተም ጀመርን። ወረቀታችን ሞራ ሞራ ይሸት ስለነበር ውሾች አንባቢዎቻችንን ከኋላ ከኋላ ይከተሏቸው ነበር። በድርቁ ዓመት ውሃ ጠፍቶ ፊደላችንን ያጠብነው በጠርሙስ ሶዳ ነው። ዛሬ እነዚህ ትልልቅ መኪኖች ፊት ቆማችሁ ቀለም ወፈረ፣ ቀለም ቀጠነ የምትሉ ወጣቶች፣ እስቲ አስቡት።

አሁን ስለ ጄንኪን ልንገራችሁ፤ ከመካከላችሁ አብዛኞቹ ስሙን ሰምታችሁ አታውቁም። ይህም በአጋጣሚ የሆነ አይደለም።

ወንድሜ ፊደል ለቃሚ ነበር፤ የእርሳስ ፊደል አንድ በአንድ እየለቀመ ለማተሚያ ይደረድራል። ቁጥሩ ሰባት። ያኔ እያንዳንዱ ለቃሚ ከለቀመው ጽሑፍ በላይ ቁጥሩን ያስቀምጣል፤ ስሕተት ሲገኝ ማን ላይ እንደሚጮህ እንዲታወቅ ነው። በጄንኪን ላይ የጮኸ ሰው አላስታውስም። ጣቶቹ ዓይን ነበራቸው። ቆሞ እያፏጨ፣ ስለ ትናንቱ ካርታ ጨዋታ እያወራ፣ ዓምዱን ሞልቶ ይጨርሰዋል። አሁን የለቃሚዎች ማኅበራችሁ ሰብሳቢ የሆነው ሊብማን ከአጠገቡ ነበር የሚሠራው። «ዝም በልና ልሥራበት፣ ያንተ አፍ የኔን እጅ ያሳስተዋል» ይለው ነበር። እውነት አይደለም ሊብማን? አንገትህን አትድፋ፣ ገና ነው።

በሁለተኛው ዓመታችን፣ በሐምሌ፣ የሰሜን ኮከብ ማዕድን ቆፋሪዎች መቶ ሃያ ጫማ ላይ ሲደርሱ ድንጋዩ ቀለሙን ለወጠባቸው። ወርቁ አለ፤ ግን ከድንጋዩ አልላቀቅም አለ። ያን ጊዜ መላቀቂያውን የሚያውቅ ሰው በከተማው አልነበረም። የድንጋዩ መርማሪ ይህንኑ ጽፎ ለጋዜጣችን ላከ። ጄንኪን እንደተጻፈው ለቀመው። የማረሚያ ወረቀቱ፣ ለእርማት አስቀድሞ የሚታተመው፣ እንደ ደንቡ ወደ ሚስተር ፌልታም ጠረጴዛ ሄደ።

በማግስቱ ጋዜጣው ሲወጣ ምን ይል እንደነበር ታውቃላችሁ? «ሰሜን ኮከብ በጠለቀ ቁጥር እየበለጸገ ነው» ይል ነበር።

ከተማው አበደ። ፀጉር አስተካካዩ መቀሱን ሸጦ አክሲዮን ገዛ። እኔ ማስታወቂያ የምቀበልበት ባንኮኒ ፊት አንዲት ባሏ የሞተባት የዳቦ ጋጋሪ ሚስት ጋዜጣችንን ደረቷ ላይ ለጥፋ፣ «እግዚአብሔር ይስጣችሁ፣ ልጆቼን አዳናችኋቸው» አለችኝ። በዚያው ሳምንት የጋዜጣው ባለቤት ሚስተር ፌልታም የራሳቸውን የሰሜን ኮከብ አክሲዮን በሙሉ ሸጡ። ይህን ከተማው ያወቀው ቆይቶ ነው፤ ሲያውቅም «ዕድለኛ ሰው» አላቸው።

በሦስተኛው ሳምንት እውነቱ ወጣ። ሕዝቡ ድንጋይ ይዞ ደጃችን መጣ። ሚስተር ፌልታም የሳሙና ሣጥን ላይ ቆሙና፣ «ወገኖቼ፣ ማስጠንቀቂያው ተጽፎ ነበር። ቁጥር ሰባት ጉቦ በልቶ አወጣውና ሌላ ከተተበት» አሉ።

ጄንኪን ከውስጥ ወጣ። እጁ ቀለም እንደሆነ፣ ሽርጡን እንኳ አልፈታም።

«ጌታዬ፣ የሰረዙት እርስዎ ነዎት። በወይን ጠጅ ቀለም እርሳስዎ ነው የሰረዙት። እኔ የታረመውን ለቀምኩ። ወረቀቱ ይምጣ» አላቸው።

«የቱ ወረቀት?» አሉት።

የቱ ወረቀት። እነዚያን ሁለት ቃላት ሃያ አራት ዓመት ስሰማቸው ኖሬአለሁ። ወረቀቱ ተፈለገ፣ የለም።

ያን ዕለት ከሰዓት በኋላ የለቃሚዎች ማኅበር ተሰበሰበ። «ይባረር የሚል እጁን ያውጣ» ተባለ፤ አሥራ አንድ እጅ ወጣ። ሙያችንን አርክሷል ብለው የቁጥር ሰባትን የብረት ፊደል ዓይኑ እያየ እርሳስ ማቅለጫው ውስጥ ጣሉት። እስከ ዛሬ በለቃሚዎች ሰሌዳ ላይ ከስድስት ቀጥሎ ስምንት የሚመጣው ለዚህ ነው። ወጣቶቹ «ሰባት የት ሄደ?» ብላችሁ ስትጠይቁ «ገዱ መጥፎ ነው» እያሉ ያሞኟችሁ ነበር፣ አይደል?

ከዚያ በኋላ ከኪምበርሊ እስከ ኬፕ ድረስ የሚቀበለው ማተሚያ ቤት ጠፋ። ወንድሜ ፊደል የለቀመበትን እጅ ይዞ ወርቅ ሊቆፍር መሬት ውስጥ ገባ። በመኪና መሰርሰሪያ ድንጋይ የሚበሱትን የአገሬን ሰዎች ታውቃላችሁ፤ አቧራው ሳንባቸው ውስጥ ድንጋይ ሆኖ ይቀመጣል። ዘጠኝ ዓመት ቆፈረ፣ ሁለት ዓመት ሳለ። በመጨረሻው ሰሞን ጋዜጣችንን ደረቱ ላይ ዘርግቼለት ሳነብለት ጣቱን አንድ መስመር ላይ አሳርፎ፣ «ይቺ መስመር ልቅ ናት ሎዌና፤ ቃሎቿ ተራርቀዋል። ማነው የለቀማት?» አለኝ። አርባ አንድ ዓመቱ ነበር።

«አንቺስ ታዲያ፣ እዚያው ቤት እንጀራ ስትበዪ እንዴት ቻልሽ?» ትሉኛላችሁ። ትክክለኛ ጥያቄ ነው። ጄንኪን በተባረረ በወሩ ሚስተር ፌልታም ዓምድ ሰጡኝ። አፌን በሥራ ሊሞሉት ነው። ተቀበልኩ። ወንድሜ አንድ ዓመት አላናገረኝም። በኋላ አንድ እሑድ መጣና በር ላይ ቆሞ፣ «እዚያው ሁኚ። ሰውየውን በቅርብ የሚያይ አንድ ሰው ያስፈልገናል» አለኝ። እናም ቆየሁ። የሚስተር ፌልታምን የልደት ኬክ ሃያ አራት ጊዜ በላሁ። ጥሩ ኬክ ነው፤ ውሸት አልናገርም። እያንዳንዱን ቁራሽ ግን እያኘክሁ የቆጠርኩት ሌላ ነገር ነበር።

እንግዲህ የጋዜጣውን ታሪክ ልጽፍ ስነሣ የመጀመሪያዎቹ ሁለት ዓመታት እትሞች ከመዝገብ ቤት የሉም። ሚስተር ፌልታምን ብጠይቃቸው «ምስጥ በላቸው» አሉኝ። ይህን ማተሚያ ክፍል ለሚሠሩት አዛውንት ለባባ ማጉባኔ ወሬ ነጋሪ አድርሶላቸዋል መሰለኝ፣ በጓሮ በኩል ስወጣ ጠሩኝ።

ባባ፣ በሩ ላይ አይቁሙ። እባካችሁ ወንበር ስጧቸው። የመጀመሪያዋን ማተሚያ መኪና መዘውር በእጃቸው ያዞሩ ሰው ናቸው፤ ሃያ አምስት ዓመት እዚህ ሲሠሩ ለአንድም ስብሰባ ተጠርተው አያውቁም። አመሰግናለሁ። ከፊት፤ አዎ፣ ከሚስተር ፌልታም ጎን።

«እሜቴ፣ የድሮ ጋዜጣ ይፈልጋሉ አሉ» አሉኝ።

«እፈልጋለሁ ባባ፣ ግን ምስጥ በልቶታል።»

ሳቁ። «ምስጡ እኔ ነኛ። ይምጡ፣ ቤቴን ላሳይዎ፤ ሰኞ ሊያፈርሱት ነው።»

ያቺን ጓሮ ያለችውን የቆርቆሮ ክፍል ታውቋታላችሁ፤ ለአዲሱ አዳራሽ ተብላ የፈረሰችውን። ከላይ ያለነው ሰዎች የማናውቀው፣ ከታች ያሉት ግን ሁሉም የሚያውቁት አንድ ደንብ አለ። የተበላሸ ወረቀት የማተሚያ ክፍል ሠራተኞች ድርሻ ነው። ማንም አይጥለውም፣ ማንም አያቃጥለውም። የበቆሎ ዱቄት አፍልተው በየክረምቱ ቆርቆሮው ላይ ይለጥፉታል፤ ብርድ ይከላከላል። ባባ ማጉባኔ ከተማዋ ድንኳን ከነበረችበት ጊዜ ጀምሮ በየዓመቱ አንድ አንድ ሽፋን ደርበዋል። ግድግዳው እንደ ፍራሽ ወፍሯል።

ማንቆርቆሪያ ሙሉ ውሃ እያፈላን በእንፋሎት ላጥነው። አምስት ቀን ፈጀብን። ጦርነቱን ላጥነው፤ ከሥሩ ትልቁ የባቡር ፍንዳታ ወጣ። እሱን ላጥነው፤ ከሥሩ ስለ ዳኛው ሚስት ባርኔጣ የጻፍኳት ያቺ ዓምዴ። ወደ ታች በሄድን ቁጥር ጋዜጣው እየጠበበ፣ ፊደሉ እየደቀቀ፣ የሞራው ሽታ እንኳ ያለ መሰለኝ። የመጨረሻዎቹ ሽፋኖች ላይ ስንደርስ ባባ ማጉባኔ እጄን ያዙኝ።

«ቀስ። ይቺን አውቃታለሁ። ወይን ጠጅ ቀለም አለባት።»

የማረሚያ ወረቀት ናት። ከላይ ቁጥር ሰባት። ከሥሩ የመርማሪው ማስጠንቀቂያ፣ አንድ ፊደል ሳይጎድል እንደተለቀመ። ማስጠንቀቂያው ላይ ረጅም የወይን ጠጅ መስመር ተሰምሯል። በኅዳጉ ላይ፣ ሁላችሁም በምታውቁት እጅ ጽሕፈት፣ «በጠለቀ ቁጥር እየበለጸገ ነው ብለህ ተካው» ይላል። ከሥሩ ፊርማ።

ተቀመጥኩ። መሬቱ ላይ ነው የተቀመጥኩት።

«ይቺን የሰጡኝ ጌታው ራሳቸው ናቸው» አሉኝ ባባ ማጉባኔ። «ደረጃው አናት ላይ ቆመው ወደ ታች ወረወሩልኝና ‹አቃጥላት› አሉኝ።»

«ታዲያ ለምን አላቃጠሏትም?»

«እሜቴ፣ ሐምሌ ነበር፤ ብርዱ አጥንት ይሰብራል። በሐምሌ ለግድግዳ የሚሆን ወረቀት የሚያቃጥል ሰው አለ?»

«ለምን አልነገሩኝም?»

ግድግዳውን አዩት። «ምን ብዬ? እኔ ማንበብ አልችል። ጌታው ወረቀት አቃጥል ብለው ወረወሩልኝ ብልስ፣ ያኔ እኔን ማን ጠየቀኝ?» አሉኝ።

እውነታቸውን ነው። ማንም አልጠየቃቸውም፤ እኔም ጭምር። በየቀኑ በአጠገባቸው እያለፍኩ «እንደምን አደሩ ባባ» እያልኩ ወረቀቱን በየሰው ኪስ ስፈልግ ኖርኩ። ይህንን ለራሴ ይቅር አላልኩም፤ እዚህም የምናገረው እንድታጽናኑኝ አይደለም።

ሚስተር ፌልታም፣ ስድስት ደረጃ ነው። ማተሚያ ክፍሉ የሚወረደው በስድስት ደረጃ ነው። በሃያ አምስት ዓመት አንድ ቀን ወርደው ቢሆን ኖሮ፣ ግድግዳውን ባዩትና ወረቀቱን ራስዎ ባቃጠሉት ነበር።

ምን አሉ? «ይበቃል»? እኔም እንደዚያ ብዬ ነበር፤ የወንድሜ ሳል ሲብስ፣ «አምላኬ፣ ይበቃል» ብዬ ነበር። ትንሽ ይታገሱኝ፤ የሚቀረኝ ጥቂት ነው።

ባለፈው ማክሰኞ የልዩ እትሙን ሃያ ሁለት ገጽ ይዤ ቢሮዎ መጣሁ። ወደ ፈረስ እሽቅድምድሙ ሊሄዱ ጓንትዎን እየለበሱ ነበር።

«ያስቃል?» አሉኝ።

«በተለይ የወንዙ ታሪክ» አልኩዎ።

ወይን ጠጅ እርሳስዎን አወጡና ሃያ ሁለቱንም ገጽ ፈረሙ። አንዱንም አላነበቡም። አሥራ አራተኛው ገጽ ላይ፣ ክቡራትና ክቡራን፣ ያቺ የማረሚያ ወረቀት ሙሉ ፎቶግራፏ አለ፤ ከነመስመሯ፣ ከነጽሕፈቷ፣ ከነፊርማዋ። ከሥሯ የጻፍኩት አጭር ነው፤ የወንድሜ ስም፣ ሙያው፣ የሞተበት ቀንና የሞተበት በሽታ። ሰው እየሳቀ እንዲያነበው ታዝዤ ስለነበር እሷን ገጽ አሳጠርኳት።

ዋናው ወረቀት ከጠበቃዬ ዘንድ ነው። ማተሚያውን ለማስቆምም አይቸኩሉ። የክፍለ ሀገሩ የጋዜጣ ድርሻ በአሥር ሰዓቱ ባቡር ሄዷል። አሁን አሥራ አንድ ሰዓት ነው፤ እንዳልኳችሁ ሰዓት አለኝ። ባቡሩ የጀርሚስተንን ጣቢያ አልፏል። የከተማው ድርሻ ደግሞ ነገ ጠዋት፣ ለምርጫው የተነሱት ፎቶግራፍዎ ከተለጠፈበት ግድግዳ ሥር ይሸጣል።

«ይህማ በቀል ነው» የምትሉ አላችሁ፤ ከፊታችሁ አነባለሁ። አዎ፣ በቀል ነው። ሌላ ስም አልሰጠውም። ደግ ሴት ናት፣ ዓምዷ ሰው አይጎዳም ስትሉኝ ኖራችኋል። ደግነቴን ሁሉ ለእናንተ ከፍዬ የቀረኝን ክፉውን ለዛሬ አስቀምጬ ነው።

ከእናንተ ከለቃሚዎች ግን አንድ ነገር እፈልጋለሁ። ጄንኪንን ያባረረው እጅ ነው፤ የሚመልሰውም እጅ ነው። ማኅበራችሁ ስሙን ወደ ሰሌዳው ይመልስ። ንግግሬን ስጨርስ ተሰብሰቡና...

ሊብማን፣ ቆይ። ገና እኮ አልጨረስኩም።

እሺ። አየሁ። እጅህን አየሁ።

«ያኔም ልቤ ጠርጥሮ ነበር» ነው ያልከው? ጥርጣሬህን ያኔ ነበር የምፈልገው ሊብማን። አንድ ጥርጣሬ፣ ከአሥራ አንድ እጅ አንዷ ብትወርድ፣ ወንድሜ ቢያንስ አንድ ወዳጅ ይዞ መሬት ውስጥ ይገባ ነበር። እጅህን እቀበላለሁ። አንተን ግን ይቅር ለማለት ገና ነኝ፤ ምናልባት በሌላ ቀን ሻይ ጠጥተን።

ሌሎቻችሁም? ሁላችሁም? ያኔ ያልተወለደው ሁሉ እጁን አወጣ እኮ፤ አንተ ገና ጥርስ ሳታወጣ ነው የተባረረው። ይሁን፣ ያምራል። አታውርዱት፣ አንድ ጊዜ በደንብ ልየው።

አሁን ልመርቃችሁና ልሂድ።

ፊደል ለቃሚዎች፣ ጣታችሁ አይደንዝዝ፣ ሳንባችሁ ንጹሕ አየር ይሳብ። በእጃችሁ ያለፈውን ነገር ሌላው ሲክደው አጠገባችሁ የሚቆም ሰው አይጥፋ። የዜና ጸሐፊዎች፣ በር ላይ የቆመውን ሰው መጠየቅ የምትለምዱበት ልብ ይስጣችሁ፤ እኔ ዘግይቼበታለሁ። ባባ ማጉባኔ፣ አዲሱ ቤትዎ የጡብ ነው አሉኝ፤ ብርድ አይግባበት፣ ልጆችዎ ይክበቡት።

ሚስተር ፌልታም፣ በሩ ክፍት ነው፤ ነገር ግን ምርቃት አቋርጦ መውጣት ደግ አይደለም። ለእርስዎ ጤና እመኛለሁ። ረጅም ዕድሜ እመኛለሁ፤ እንደ ወንድሜ በአርባ አንድ አይቆረጥብዎ። ሰማንያ ይሙሉ፣ ዘጠና ይሙሉ። ዓይንዎ አይፍዘዝ፤ ያለ መነጽር ያንብቡ። ጆሮዎም አይድከም፤ በመንገድ ሲያልፉ ሰው ዝቅ አድርጎ የሚናገረውን ሁሉ አጥርተው ይስሙ። ትንፋሽዎም አይጠር፤ ወንድሜ የተነፈገውን ያህል ለእርስዎ ይጨመርልዎ፤ በእያንዳንዷም ትንፋሽ እሱን ያስቡት።

አሜን በሉ እንጂ።